ካሜራ የያዘ ሁሉ ሲኒማቶግራፈር አይደለም

ብራድፎርድ ያንግ እ.ኤ.አ. በ2017 «አራይቫል» በተሰኘው ፊልም ለኦስካር ታጨ። በሲኒማቶግራፊ ዘርፍ የታጨ የመጀመሪያው አፍሪካ አሜሪካዊ ነው። ባያሸንፍም ስሙን ዓለም አወቀው። መንገዱ ግን የተጀመረው ከሆሊውድ ርቆ ነው።

ያንግ የተማረው ዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ነው። ከመምህራኑ አንዱ የጎንደር ተወላጁ ኃይሌ ገሪማ ነበር። ኃይሌ «ሳንኮፋ»ን ሠርቶ አከፋፋይ ሲያጣ፣ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ፊልሙን ራሱ ለተመልካች ያደረሰ ሰው ነው። ተማሪውም በዚያው መንፈስ ሠራ።

እ.ኤ.አ. በ2011 ዲ ሪስ ባዘጋጀችው «ፓራያ» በሰንዳንስ ፌስቲቫል የሲኒማቶግራፊ ሽልማት ወሰደ። በ2013 በሁለት ፊልሞች ደገመው። አንደኛው በብሩክሊን ስለሚኖሩ ናይጄሪያውያን የሚተርከው «መዘር ኦፍ ጆርጅ» ነው። ከኤቫ ዱቨርኔይ ጋር በ2012 በአነስተኛ በጀት «ሚድል ኦፍ ኖውዌር»ን ሠሩ፤ ከሁለት ዓመት በኋላ «ሰልማ»ን። የነጻ ፊልም ሲኒማቶግራፈር የሚያድገው እንዲህ ነው። ሀብቱ ዓይኑና አብረውት የሚያድጉ ዳይሬክተሮች ናቸው።

የያንግ ዓይን ደግሞ እኛን በቀጥታ ይመለከታል። የፎቶ ፊልም ቀለም ለረጅም ዘመን ይስተካከል የነበረው «ሺርሊ» በሚባለው የነጭ ሴት ምስል ነው። በዚያ ሚዛን ጥቁር ፊት ሲነሳ መልኩ ይጠፋ ነበር። ያንግ ጥላን አልፈራም። ጥቁርን ፊት በመብራት ከማጥለቅለቅ ይልቅ፣ ከመስኮት በሚገባ ለስላሳ ብርሃን ድምቀቱን አወጣው።

ወደ አገር ቤት ስንመለስ ሲኒማቶግራፈሩ አሁንም «ካሜራማን» ነው። ብዙ ጊዜ የሚጠራው ቀረጻው ሊጀመር ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ነው። ቦታው ተመርጧል፣ ልብሱ ተገዝቷል፣ የግድግዳው ቀለም አልቋል። እሱ የሚጠየቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ «ካሜራህ ምንድን ነው?» ከዚያ የጠይም ተዋናይት ፊት በነጭ ግድግዳ ፊት ይጠቁራል፤ ወይም በመብራት ብዛት አመድ ይመስላል። ተወቃሹ ካሜራማኑ ይሆናል።

«ገንዘብ የለም» የሚለው መልስ እውነት ነው። ያንግ ያደገባቸው ፊልሞችም ገንዘብ አልተረፋቸውም። ስክሪፕቱን ቀድሞ ማንበብ፣ ቦታውን ከዳይሬክተሩ ጋር በጠዋትና በማታ ብርሃን ማየት፣ ተዋንያኑን በሜካፕና በልብሳቸው አስቀድሞ በካሜራ መሞከር ከሁሉም በላይ የሚጠይቀው ጊዜ ነው። ለዚህ ጊዜ የሚከፈል የጥቂት ቀናት አበል ከአዲስ ካሜራ ኪራይ ያንሳል።

ወጣቱ ባለሙያም ድርሻ አለው። ተበድሮ ካሜራ ከመቀየሩ በፊት የኢትዮጵያዊ ፊት በሻማ፣ በኩራዝ፣ በቀትር ፀሐይ ምን እንደሚመስል ይወቅ። ካሜራው በየዓመቱ ያረጃል። ይህ እውቀት ግን አያረጅም።