ዋናው ጉዳይ ይቆየን

እስቲ፣ አንባቢዎቼ፣ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። እንደ አብራኩ ክፋይ አድርጎ ያሳደጋት ልጅ የጠፋችበት አንድ ሰው አለ እንበል። ልጅቱን ክፉዎች ያሳድዷታል፤ እርሱም በፈረስ ተቀምጦ ከአገር አገር ይፈልጋታል። ይህ ሰው ከአንድ መጠጥ ቤት ደጃፍ ቢደርስ ምን ያደርጋል? «እንዲህ ያለች ልጅ አላያችሁምን?» ብሎ ጠይቆ መንገዱን ይቀጥላል ትሉ ይሆናል። የለም፤ ገብቶ ከባለ መጠጥ ቤቱ ጋር ካርታ ይጫወታል። ካሸነፈም በኋላ አይነሣም፤ አጠገቡ ካለው ነጋዴ ጋር ይገጥማል። ከዚያም በሚቀጥለው መንደር መልካም ካርታ ያለው ሰው አለ ቢሉት፣ የልጅቱን ነገር ለጊዜው ትቶ ወደዚያ ይጋልባል።

ሰውየው ጌራልት ይባላል። በሥጋ ያለ ሰው አይደለም፤ ሲዲ ፕሮጄክት ሬድ የተባለው የፖላንድ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2015 ያወጣው «ዘ ዊቸር 3» የተባለ የቪዲዮ ጨዋታ ባለ ታሪክ ነው። ሰውየው የመጣው አንድዤይ ሳፕኮቭስኪ የተባለ የዚያው አገር ደራሲ ከጻፋቸው መጻሕፍት ነው። በእንዲህ ያለው ጨዋታ ተጫዋቹ ራሱ ጀግናውን ሆኖ ይዋጋል፤ እየተዋጋም ጉልበትና ዕውቀት ያከማቻል። ዳሩ ግን ከዋናው ታሪክ ጋር ምንም ጉዳይ የሌላቸው ትንንሽ ጨዋታዎች በየስርቻው ይሰገሰጉበታል፤ ካርታው፣ የፈረስ እሽቅድምድሙ፣ የቡጢ ግጥሚያው ሁሉ ከዚህ ወገን ነው። ዛሬ ላወራችሁ የፈለግሁት ስለ ትንንሾቹ ነው፤ ስለ ትልቁ ብዙ ሰው ይጽፋል።

ካርታው ግዌንት ይባላል፤ ንቆ የሚያልፉትም ነገር አይደለም። ሁለት ተጫዋቾች ዐሥር ዐሥር ካርታ ይይዛሉ፤ ከሦስት ዙር ሁለቱን የወሰደ አሸናፊ ይሆናል። ቁም ነገሩ ግን በየዙሩ አዲስ ካርታ የማይታደል መሆኑ ነው። በመጀመሪያው ዙር ያላችሁን ሁሉ ካፈሰሳችሁ በኋለኞቹ ባዶ እጃችሁን ትቀራላችሁ፤ ስለዚህ ብልህ ተጫዋች አንዱን ዙር ዐውቆ ይሸነፋል። «ሰላይ» የሚሉት ካርታም አለ፤ ለባላጋራችሁ ነጥብ ትሰጡበታላችሁ፤ በምትኩ ከቁልላችሁ ሁለት ካርታ ትመዝዛላችሁ። ለፋሲካ በግ ሲገዛ «እንግዲያስ ይቅርብኝ» ብሎ ሁለት እርምጃ የሚራመድና ተመልሶ እስኪጠራ ድረስ ጆሮውን ወደ ኋላ የሚጥል ሰው ግዌንትን ያለ አስተማሪ ይጫወተዋል። ሕዝቡ ይህን ካርታ እጅግ ስለ ወደደው ኩባንያው እ.ኤ.አ. በ2018 ለብቻው ጨዋታ አድርጎ አወጣው፤ ደባል ሆኖ የኖረው ጎጆ ወጣ ማለት ነው።

እኔን ወደዚህ ነገር ያስገባኝ ግን ጌራልት አይደለም፤ ዘይት ነው።

አዳማ የምትኖረው እኅቴ ዐሥራ አራት ዓመት የሆነውን ልጇን አንድ ቅዳሜ ዘይት ግዛ ብላ ላከችው። ልጁ በሦስት ሰዓት ወጥቶ በሰባት ሰዓት ባዶ ጀሪካኑን ይዞ ተመለሰ። ወዲያው ደወለችልኝ። «ወንድሜ፣ ይህን ልጅ መጥተህ ምከርልኝ፤ የጌም ቤቱ ሰውዬ ያሳድገዋል እንጂ እኔስ አላሳደግሁትም» አለችኝ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ተነሣሁ። ከአዲስ አበባ አዳማ የሚያደርሰው እ.ኤ.አ. በ2014 የተከፈተው የፍጥነት መንገድ እጅግ ፈጣን በመሆኑ፣ የምመክረውን ሳላዘጋጅ ደረስሁ።

ጌም ቤቱ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ ያለ የቆርቆሮ ክፍል ነው። በር ላይ ጆተኒ ቆሟል፤ ውስጥ ሦስት ቴሌቪዥኖች አሉ። በሁለቱ ላይ ኳስ ይጫወታሉ፤ በጥጉ ባለው አሮጌ ፕሌይስቴሽን 2 ላይ የኔው ጎረምሳ ተቀምጧል። ሲያየኝ ብድግ ብሎ «ጋሼ፣ ይቀመጡ» አለና ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ለእማዬ እንዳይነግሩብኝ» ሲል ጨመረ። የላከችኝ እርስዋ መሆንዋን አልነገርሁትም።

የሚጫወተው እ.ኤ.አ. በ2004 የወጣውን «ሳን አንድሬስ»ን ነበር። የዚህ ጨዋታ ባለ ታሪክ ሲጄ ይባላል፤ እናቱ ሞታበት ለቀብር ወደ ሰፈሩ የተመለሰ ጎልማሳ ነው። ይበላል፣ ይወፍራል፣ ስፖርት ቤት ገብቶ ይከሳል። ጨዋታው ተኩስና ስድብ የሞላበት ስለ ሆነ ለአዋቂዎች የተሠራ መሆኑ ከሽፋኑ ላይ ተጽፏል፤ ነገር ግን በጌም ቤት ውስጥ ሽፋን የሚባል ነገር ማን አይቶ ያውቃል? እንግዲህ አሁን ሰው ሲገድል አየዋለሁ ብዬ ልቤ እየፈራ ተመለከትሁ። ልጁ ግን የሚተኩስ አልነበረም፤ ታክሲ ይነዳ ነበር። ከመንገድ ዳር ሰው ይጭናል፤ ሰዓቱ ሳያልቅ ካደረሰው ሒሳቡን ይቀበላል፤ ደግሞ ሌላ ይጭናል። ከደጅ የባጃጅ ጥሩምባ ይሰማል። እነዚያ ጎረምሶች ከጠዋት እስከ ማታ ገንዘብ ተቀብለው የሚሠሩትን ሥራ የኔ ልጅ ገንዘብ ከፍሎ ይሠራዋል!

«ይህ ምን ይጠቅምሃል?» አልሁት። ነገሩን እንደ መምህር አስረዳኝ። 50 ተሳፋሪ ያደረሰ ሰው ከዚያ በኋላ የሚይዘው ታክሲ ሁሉ እንደ ፈረስ የሚዘልና እንደ ጥይት የሚፈተለክ ይሆንለታል። አምቡላንስም አለ፤ በመጀመሪያው ደረጃ አንድ በሽተኛ፣ በሁለተኛው ሁለት፣ እንዲህ እያለ በዐሥራ ሁለተኛው ዐሥራ ሁለት በሽተኛ ሐኪም ቤት ይደርሳል። ሲደመር 78 ነፍስ ነው። ይህን የጨረሰ ጀግና ጤናው ይጨምራል። የእሳት አደጋውን መኪና እንዲሁ ዐሥራ ሁለት ደረጃ የነዳ ደግሞ እሳት አያቃጥለውም። ሥራው የጎን ነው፤ ደመወዙ ግን ለዋናው ጦርነት ይጠቅማል። ይህን ያሰበው ሰው ተንኰለኛ ነው፤ መዝናኛውን ሥራ፣ ሥራውን መዝናኛ አደረገው።

«ዋናውን ታሪክስ ለምን አትጫወትም?» ብዬ ጠየቅሁት።

«ጋሼ፣ ዋናው አይቀመጥም እኮ» አለኝ።

እዚህ ላይ ነገሩ ገባኝ። ይህ ዓይነቱ ጨዋታ ዋናው ታሪኩ በብዙ ቀናት የሚያልቅ ነው፤ ስለዚህ ተጫዋቹ የደረሰበትን ስፍራ በማስታወሻ ካርድ ላይ አስቀምጦ ነገ ከዚያው ይቀጥላል። በጥጉ ባለው ማሽን ላይ ግን ካርድ የለም፤ ነበረ፣ ጠፋ። ማሽኑ በተዘጋ ቁጥር ሲጄ እንደ ገና ለእናቱ ቀብር ይመጣል። ልጆቹ ይህን ቀብር መቶ ጊዜ ያህል አይተውት እንባቸው ደርቋል። ደግሞም የሚከፈለው በጊዜ ስለ ሆነ ባለ ታሪኮቹ ቆመው ሲነጋገሩ የሚያልፈው እያንዳንዱ ደቂቃ ከኪስ ይወጣል። ጨዋታውን የሠሩት ሰዎች ያሰቡት በቤቱ ማሽን ያለውን፣ ጊዜ የሞላውን፣ ነገም የእርሱ የሆነለትን ተጫዋች ነው። ለርሱ ታክሲው የጎን ነገር ነው። ለአዳማው ልጅ ግን በከፈለው ገንዘብ ልክ ጀምሮ የሚጨርሰው ብቸኛው ነገር የጎኑ ነው።

የዘይቱም ምሥጢር ከዚሁ ወጣ። 50 ተሳፋሪ ለማድረስ በየቀኑ የሚገኝ የሳንቲም ሽርፍራፊ አይበቃም፤ የማይቀመጥ ስለ ሆነ በአንድ ቁጭታ መጨረስ ያስፈልጋል። ለአንድ ቁጭታ የሚበቃ ገንዘብ በእጁ የገባው የዚያን ቅዳሜ ብቻ ነበር። ተራውን ጠብቆ ጀመረ፤ 43 ሰው አደረሰ። አርባ አራተኛውን ሲጭን መብራት ጠፋ።

ይህን ሲነግረኝ ከንፈሩ ይንቀጠቀጥ ነበር። ምክሬን ዋጥሁት።

ለምን ይሆን እነዚህ ትንንሽ ነገሮች እንዲህ የሚስቡት? አንዱ ምክንያት ዕረፍት ነው፤ ሌላው ግን የበለጠ ነው። ሰዎቹ ሁሉ ጀግናው መጥቶ እስኪያድናቸው ድረስ እጃቸውን አጣጥፈው የሚቆሙበት አገር፣ አገር አይመስልም። ካርታ ሲጫወቱ፣ ዓሣ ሲያጠምዱ ሲታዩ ግን ዳኝነቱ ይለወጣል፤ ይህ ቦታ እኔ ባልመጣም ይኖር ነበር ያሰኛል። እ.ኤ.አ. በ2016 የወጣው «ፋይናል ፋንታሲ 15» ለዚህ ምስክር ነው። ኖክቲስ የተባለው ልዑል ለሠርጉ ከሦስት ጓደኞቹ ጋር በመኪና ሲጓዝ አገሩ በጠላት እጅ ይወድቃል። ልዑሉ ግን ውሃ ባየ ቁጥር መኪናውን አቁሞ መንጠቆ ይወረውራል። ዓሣው ወደ ግራ ሲሮጥ ዘንጉን ወደዚያው ማዘንበል አለበት፤ ያለዚያ ክሩ ይሳሳል፣ ይበጠሳል። የያዘውን አንዱ ጓደኛው ይቀቅልለታል። ዘውዱን ያጣ ሰው የእራት ነገር ሲያስብ ማየት፣ ከጦርነቱ ይልቅ ለኔ እውነት መሰለኝ።

ዓሣን ካነሣሁ ዘንድ፣ ከሞጆ ወደ ደቡብ ታጥፋችሁ መቂን አልፋችሁ ባቱ ብትወርዱ የዝዋይን ሐይቅ ታገኛላችሁ። በዳርቻው ቆሮሶና አምባዛ ሲገፈፍ፣ አባ ኮዳዎቹ እንደ ሽማግሌ ቆመው ትርፍራፊውን ይጠብቃሉ። በልዑሉ ሐይቅ ዓሣው አያልቅም፤ ዛሬ ብታጠምዱት ነገ ተመልሶ ይገኛል። እዚህ ግን ለአትክልትና ለአበባ እርሻ የሚሳበው ውሃ እየበዛ፣ የዓሣ አጥማጁም መረብ እየቀለለ ሄዷል። ከዝዋይ በቡልቡላ ወንዝ ውሃ የሚደርሰው አብያታማ ከዚህ የከፋ ደረሰበት፤ ውሃው ሸሽቶ፣ ጨውነቱ ጨምሮ፣ ዓሣው ጠፋ። በሻላ ሐይቅ ደሴት እየፈለፈሉ አብያታ ላይ ይመገቡ የነበሩት ፔሊካኖችም እራታቸውን ወደ ሌላ ስፍራ ፍለጋ ሄዱ። የጨዋታ ሠሪዎች ይህን ደንብ አላስገቡትም፤ ቢያስገቡት ኖሮ ማንም ልዑል እንደ ልቡ አያጠምድም ነበር።

አዳማ ራስዋ የጎን ጨዋታ ከተማ ናት ብል የአገሩ ሰው አይቆጣኝ። ባቡሩ እ.ኤ.አ. በ1917 አዲስ አበባ ሲገባ እርስዋ በመንገድ ያለች ጣቢያ ነበረች፤ ዛሬም የጅቡቲ ከባድ መኪና ነጂ ያርፍባታል፣ ይበላባታል፣ ፑልና ካራንቡላ ይጫወትባታል። ዋናው ጉዳዩ ወደብ ነው። አገራችን እንዲህ ያለ ትልቅ ጨዋታ ብትሠራ ለማረፊያው የሚሆን የጎን ጨዋታ መበደር አያስፈልጋትም፤ ገበጣ አለ። በየሓና በመጠራ ከ6ኛውና ከ7ኛው መቶ ዓመት የቀረ የገበጣ ምልክት ተገኝቷል። ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 «ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር» በተባለው መጽሔት ብዙውን የገበጣ ዓይነት መዝግቦ አውጥቷል። ቅኔ ጌምስ የተባለው የአዲስ አበባ ድርጅትም ገበጣን ለእጅ ስልክ አዘጋጅቶታል። ገበጣማ ራሱ ዋና ነው እንጂ የጎን አይደለም የሚል ቢኖር፣ እረኛን ይጠይቅ። ለእረኛ ዋናው ከብቱ ነው። ጕድጓዱን ምሶ ጠጠር ሲቆጥር ከብቱ የሰው እህል ገብቶበት የተገረፈ ስንት አለ! የእኅቴ ልጅ የመጀመሪያው አይደለም።

ማታ ለእኅቴ ሁሉን ነገርኋት። ዝም ብላ ሰማችኝና፣ «አርባ ሦስት ሰው ያደረሰ ልጅ አንድ ጀሪካን ዘይት ማድረስ አቃተው?» አለች። ለዚህ መልስ አልነበረኝም፤ ዛሬም የለኝም። የሆነ ሆኖ ስምምነት አደረግን። የዘይቱን ዋጋ ልጁ ከሳምንት ኪሱ እየከፈለ ይጨርሳል፤ ቅዳሜ መልእክቱን ሁሉ ካደረሰ በኋላ ሁለት ሰዓት ይጫወታል፤ በሌላው ቀን ጌም ቤቱን አይረግጥም። የተኩሱን ነገር በተመለከተ እኅቴ አንድ ቃል አስገባችው፤ ምን ያህል እንደሚጠብቀው እግዜር ይወቅ። እኔም በማግሥቱ ገበያ ወርጄ አሮጌ ዕቃ ከሚሸጥ ነጋዴ አንድ የማስታወሻ ካርድ ገዛሁለት። ከክብሪት ቤት እምብዛም አይበልጥም፤ የሚይዘውም 8 ሜጋባይት ነው፤ ዛሬ በስልክ የሚነሣ ሁለት ሦስት ፎቶግራፍ ይሞላዋል። ልጁ በፕላስቲክ ጠቅልሎ በደረት ኪሱ ከተተው።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ቅዳሜ ማታ ስልክ ተደወለ። «ጋሼ! ታክሲው ዘለለ!» የሚል ጩኸት ሰማሁ። ሃምሳኛው ሰው ወርዷል። «ዋናው ታሪክስ የት ደረሰ?» ብለው፣ ገና ከቀብሩ አልራቀም፤ አምቡላንሱ ይቅደም ብሎ ነው። እኅቴ ስልኩን ነጠቀችው።

«አሁን ደግሞ 78 በሽተኛ አለብኝ እያለ ነው» አለችኝ። «እስቲ ጠይቅልኝ፣ ዘይት የሚያመጣበት ደረጃ ስንተኛው ላይ ነው?»