ይግባኙ የማን ነው?

«በሕግ አምላክ!» ሲባል መንገደኛው ሁሉ ቀጥ ብሎ ይቆም በነበረበት አገር፣ የተበደለ ሰው በገዛ በደሉ ላይ ባዕድ ሆኖ ስናየው ዝም ልንል አንችልም።

ከመካከላችን ጥቂቶቻችን ቂርቆስ ውስጥ በአንድ ችሎት ደጃፍ ያገኘናቸውን እናት እናንሣ። ካዛንችስ ጉሊት ይቸረችሩ ነበር፤ በድብደባ ክንዳቸው ተሰብሯል። ሰፈሩ በ2017 ዓ.ም. ሲፈርስ ድርጊቱን ያዩ ጎረቤቶች በየአቅጣጫው ተበተኑ። መጥሪያ አልደረሳቸውም፤ ዐቃቤ ሕጉም አፈላልጎ አላቀረባቸውም፤ ተከሳሹ በነጻ ተሰናበተ። «ይግባኝ እላለሁ» ቢሉ መልሱ አጭር ሆነ፦ «እናቴ፣ ይግባኙ የእርስዎ አይደለም።»

መልሱ ከሕግ የወጣ አይደለም፤ የሚያስቆጣንም ይኸው ነው። የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 185፣ ለተፈረደበት ሰው በጥፋተኛነቱና በቅጣቱ ላይ፣ ለዐቃቤ ሕግም በነጻ መለቀቅና በቅጣት ማነስ ላይ ይግባኝ ፈቀደ። ተበዳዩን ግን አልጠራውም። እንግዲህ ምስክር ሳያቀርብ የተረታው ሰው ራሱ፣ ስለ መረታቱ ይግባኝ ይባል አይባል ብሎ ይቆርጣል ማለት ነው። ይህ ፍትሕ ነውን?

«ወንጀል የመንግሥት ነገር ነው፤ ለተበዳይ ቢለቀቅ ቂም መወጫ ይሆናል» የሚሉን አሉ። ሥጋቱ ከንቱ አይደለም። በ2008 ዓ.ም. ጥቅምት የፌዴራሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የዞን ዘጠኝ ጸሐፊዎችን ከሽብር ክስ ነጻ ቢያወጣቸውም፣ ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ በማለቱ ነገሩ እስከ 2009 ዓ.ም. ተከትሏቸዋል። ነጻ የተባለ ሰው ዕረፍት ይገባዋል። ነገር ግን ይህ የሚያሳየን፣ ይግባኝ በዐቃቤ ሕግ እጅ ብቻ በመሆኑ ተከሳሹም እንዳልዳነ ነው!

«በፍትሐ ብሔር ካሣ ይጠይቁ» የሚሉም አሉ። እውነት ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2149 የወንጀል ችሎት ተከሳሹን በነጻ መልቀቁ የካሣውን ዳኛ እንደማያስረው ይናገራል። ሆኖም ጉሊታቸው የፈረሰባቸው እናት የጠበቃውን ገንዘብ ከየት ያመጣሉ? ካሣስ «ተበድለሻል» የሚለውን ፍርድ ይተካልን?

ሕንድ እ.ኤ.አ. በ2009 ሕጓን አሻሽላ፣ ተከሳሽ በነጻ ሲለቀቅ ተበዳይ ይግባኝ እንዲል ፈቅዳለች። እኛ የምንጠይቀው ከዚያ ያነሰ ነው። አንደኛ፣ የይግባኝ ማስታወቂያ የሚሰጥበት 15 ቀን ሳያልፍ፣ ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ ይበል አይበል ለተበዳዩ ከነምክንያቱ በጽሑፍ ያስታውቅ። ሁለተኛ፣ አልልም ካለ ተበዳዩ የይግባኝ ሰሚውን ፍርድ ቤት ፈቃድ ይጠይቅ። ቂመኛውን ዳኛው ይመልሰዋል፤ የተበደለውንም ይሰማዋል።

መምህራኖቻችን ሆይ፣ ቁጥር 185ን ስታስተምሩን ተበዳዩ ለምን እንደተዘለለ አብራችሁ አስተምሩን። እኛም ተማሪዎች ከየችሎቱ ደጃፍ አንጥፋ፤ እኒያ እናት ዛሬም መልስ የሚሰጣቸው ሰው ይጠብቃሉ።