የወጋየሁ ድምፅ ቀረ፤ መድረኩስ?

«ቴአትር የአንድ ምሽት እንግዳ ነው፤ መጋረጃው ሲወርድ አብሮ ይሂድ» የሚሉ ሰዎች በመካከላችን አሉ። አባባሉ ለጆሮ ያምራል። እኛ ግን ይህ ስንፍናን የጥበብ ካባ ማልበስ ነው እንላለን፤ ምስክራችንም ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ ነው።

በቅርቡ ከመካኒሳ አቦ ወደ ሜክሲኮ በሚሄድ ታክሲ ተሳፍረን ነበር። መንገዱ ተጨናንቆ ቆመን ሳለ ሾፌሩ ከስልኩ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ከፈተ፤ አንባቢው ወጋየሁ ነበረ። ፊታውራሪ መሸሻ ሲቈጡ ረዳቱ ሳይቀር ሒሳብ መሰብሰቡን ተወ። ሰብለወንጌል ስትናገር ደግሞ ያ የወንድ ጉሮሮ ሳይቀጥንና የሴት ድምፅ ላስመስል ሳይል የሴት ልብ ይሰማበታል። ከጎናችን የተቀመጠ አንድ ተማሪ «ጋሼ፣ ይኸ ሰውዬ መድረክ ላይ ሲጫወት የት ማየት ይቻላል?» ብሎ ጠየቀን። የምንመልሰው አጣን።

ወጋየሁ ከሁሉ በፊት የመድረክ ሰው ነበረ። ያን የጸጋዬ ገብረ መድኅንን ከባድ ቃል ተሸክሞ በተመልካች ፊት የቆመ፣ ቃሉንም ሳያጐብጠው ያደረሰ ተዋናይ ነው። በ1982 ዓ.ም. ሲያርፍ ግን የመድረክ ሥራው በአብዛኛው በተመልካቾቹ ትዝታ ውስጥ ቀረ፤ እነዚያም ተመልካቾች እያረጁ፣ እያለፉም ናቸው። ዛሬ ሕዝብ በሰፊው የሚያውቀው፣ ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙትን ልብ ወለድ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ባነበበበት ቅጂ ነው። ይህስ ቢሆን የተዋናዩን ጥበብ ለትውልድ እናቆይ ብሎ የመከረ ሰው ስለ ነበረ ይመስላልን? ለእኛ አይመስለንም። ሬዲዮ በጠባዩ ድምፅ ስለሚቀዳ፣ ድምፁ ብቻ ተረፈ።

የደበበ እሸቱም ነገር ከዚህ አይርቅም። ደበበን ዛሬም እ.ኤ.አ. በ1973 በወጣው «ሻፍት በአፍሪካ» በተባለው ፊልም፣ እንዲሁም እ.ኤ.አ. በ2014 በወጣው «ቀይ ቅጠሎች» ውስጥ ግትር ሽማግሌ ሆኖ ሲጫወት ማየት ይቻላል። የመጀመሪያውን የሠራው የአሜሪካ፣ ሁለተኛውን የእስራኤል ሲኒማ ነው። የገዛ ተዋናያችንን ገጽ ለማየት የሰው ደጅ ጠናን ማለት ነው።

«ድሆች ነን» የሚል መልስ እንደሚመጣ እናውቃለን። ፖላንድ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዋና ከተማዋ ዋርሶ ፈርሳባት፣ ከፍርስራሹ ገና ሳትወጣ እ.ኤ.አ. በ1953 የቴሌቪዥን ቴአትር ጀመረች። ከዚያ መድረክ ከታወቁት ተዋንያን አንዱ ታዴዉሽ ዎምኒትስኪ፣ እ.ኤ.አ. በ1992 በፖዝናን ከተማ «ንጉሥ ሊር»ን ሲለማመድ ሞተ። ሊርን ማንም ሳያይለት ቀረ፤ ብዙዎቹ ሌሎች ሥራዎቹ ግን በፊልምና በቴሌቪዥን ቴአትር ተቀርጸው ይታያሉ። የሀገሩ ሰዎች ሊያዝኑ የሚችሉት ሳይታይ ለቀረ አንድ ሊር ነው፤ እኛ የምናዝነው ታይተው ለጠፉት ሁሉ ነው። ደግሞስ ዛሬ ያ ተማሪ በእጁ የያዘው ስልክ አንድ ሙሉ ተውኔት መቅረጽ ሲችል የምን ድህነት ነው የምናወራው?

የተቀረጸ ቴአትር ከሕያው መድረክ ጋር እንደማይተካከል አንክድም። የሰነበተ እንጀራም ከምጣድ እንደ ወጣው አይሆንም፤ ዳሩ ግን እናቶቻችን አልጣሉትም፣ ድርቆሽ አድርገው አቆዩት እንጂ።

ስለዚህ የምንጠይቀው ይህ ነው። ማናቸውም ቴአትር ቤት አንድን ተውኔት ከመድረክ ከማውረዱ በፊት አንዱን ምሽት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይቅረጽ፤ አንድ ቅጂም ለብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት ያስረክብ። አዘጋጁ በእጁ ምልክት ያደረገበት ጽሑፍ፣ የልብሱና የመድረኩ ንድፍ አብሮ ይቀመጥ፤ እነዚህ ከሥዕሉ ያላነሰ ይናገራሉና። የቴአትር ተማሪ ያለ ደጅ ጥናት ገብቶ ይመልከተው። ተዋናዩም ሳይፈቅድ አይቀረጽ፤ ቅጂው ገንዘብ ያስገኘ እንደ ሆነም ድርሻው በጽሑፍ ውል ይታወቅለት።