የእጅ ሹራብ በመቀስ ሲከፈት

በጥር ወር የባሕር ዳር ጧትና ቀትር የአንድ ቀን አይመስሉም። ጎሕ ሲቀድ ከጣና ላይ የሚነሣው ነፋስ አጥንት ድረስ ይዘልቃል፤ ሙቀቱም ከ10 ዲግሪ በታች የሚወርድበት ጊዜ አለ። ስድስት ሰዓት ሲሆን ደግሞ ፀሐዩ አናት ይበሳል፤ ጧት ሹራብ ደርቦ የወጣ ሁሉ አውልቆ በክንዱ ይይዘዋል። ከዚህ የተነሣ በከተማችን በአንገት ከሚጠለቀው ሹራብ ይልቅ ከፊት ለፊት የሚከፈተው፣ ባለ ቁልፉ ይመረጣል። ለምታጠባ እናትማ ነገሩ ከምርጫም በላይ ነው።

በዛሬው አምዳችን ከእናቶችና ከእኅቶች ጋር የምንወያየው ተዘግቶ የተሠራ የእጅ ሹራብ ከፊት ለፊቱ በመቀስ ተከፍቶ ባለ ቁልፍ ስለሚሆንበት ዘዴ ነው። ነገሩ ሲሰሙት ያስደነግጣል። እኔንም አስደንግጦኛል።

ነገሩን ያመጣችው የጎረቤቴ ልጅ ናት። በአንድ መሥሪያ ቤት ገንዘብ ያዥ ስትሆን፣ ባለፈው ጥር የአራት ወር ሕፃን አዝላ፣ በፌስታል የተጠቀለለ ግራጫ ሹራብ ይዛ መጣች። ሹራቡን የሠሩት እናቷ ናቸው። በሞቱበት ዓመት ክረምቱን ሙሉ መስኮት ሥር ተቀምጠው የጨረሱት የመጨረሻ ሥራቸው ነው። ልጅቱ ከወለደች ወዲህ ግን ልትለብሰው አልቻለችም። ሕፃኑን ለማጥባት ሹራቡን ከታች ወደ ላይ መግፈፍ አለባት፤ ወገቧና ሆዷ ለብርድ ይጋለጣል፤ የሕፃኑም ፊት በሹራቡ ይሸፈናል።

«እትዬ፣ እንደምንም ብለው ከፊት ለፊት ይክፈቱልኝ» አለችኝ።

አክስቷ ግን አስቀድመው ተቆጥተዋት ኖሯል። «የሟች እጅ ያረፈበትን በመቀስ? ተይው፣ በሣጥን ይቀመጥ» ብለዋታል። የአክስቷ ስሜት ይገባኛል። ነገር ግን የሱፍ ሹራብ በሣጥን ተቆልፎ ሲከርም ብል ይገባበታል፤ ብል ደግሞ ከመቀስ የባሰ ነው፤ የት እንደሚቆርጥ አይጠይቅም።

እኔም መቀሱን ለማንሣት አልቸኮልኩም። ከብዙ ዓመት በፊት የራሴን ቀይ ሹራብ ለማስከፈት አንድ ልብስ ሰፊ ዘንድ ወስጄ ነበር። ሰውዬው እንደ ማንኛውም ጨርቅ ቆጥሮ መጀመሪያ ቆረጠው፤ ከዚያ በኋላ ጠርዙን ለመቀምቀም በመኪናው እግር ሥር ጎተተው። ክሩ ሰው ሠራሽና አንሸራታች ስለነበር ጠርዙ እየተለጠጠ እንደ ማዕበል ተንቀጠቀጠ፤ የተቆረጡት ጫፎች አንድ በአንድ ሾልከው ወጡ፤ አንገቱ ላይ የተፈታ ቀለበትም እንደ ናይለን ስቶኪንግ ቁልቁል ሮጠ። የቀረውን ተርትሬ በድቡልቡል ጠቀለልኩት። ሁለት የሕፃን ኮፍያ ወጣው፤ ለአንዲት ሴት ግን የሹራብ ያህል አያሞቅም።

እንግዲህ የልብስ ሰፊው ስሕተት ምን ነበር? ይህን ለመረዳት ሹራብ ከሽመና በምን እንደሚለይ ማየት ያስፈልጋል። ነጠላም ሆነ ጋቢ በድርና ማግ የተሸመነ ነው። በየትኛውም በኩል ቢቆረጥ ጫፉ ካልተቋጨ ወይም ካልተቀመቀመ ይተረተራል፤ ይህን የማታውቅ የቤት እመቤት የለችም። ሹራብ ግን ድርም ማግም የለውም። አንድ ክር ከዳር ወደ ዳር እየተመላለሰ፣ እያንዳንዱ ቀለበት ከበታቹ ባለው ቀለበት ውስጥ እየሾለከ የሚያያዝ ሥራ ነው። ስለዚህ ሹራብን አግድም የቆረጡት እንደሆነ የቀለበቶቹ አናት ባዶ ይቀርና አንዱ ሲፈታ ከሥሩ ያለውን ሁሉ ይዞ ይወርዳል። ከላይ ወደ ታች፣ በሁለት የቀለበት ሰልፎች መካከል ሲቆረጥ ግን ከየመስመሩ የሚበጠሰው አንድ አጭር ክር ብቻ ነው። በግራና በቀኝ ያሉት ቀለበቶች ከላይም ከታችም እንደተያያዙ ይቆያሉ። ክሩ ሊፈታ የሚችለው ወደ ጎን ብቻ ነው፤ ያውም ሲጎተትና ሲታሽ፣ ቀስ እያለ።

ስለሆነም አደጋው ከመቆረጡ ይልቅ ሳያስሩ ከመቁረጥና የክሩን ጠባይ ሳያውቁ ከመጀመር የሚመጣ ነው።

ይህን ዘዴ አገር ልማድ ያደረጉት የሰሜን ባሕር ሰዎች ናቸው። በሼትላንድ ደሴቶችና በኖርዌይ ሴቶች ሹራቡን እንደ ቱቦ ዙሪያውን እየዞሩ ይሠሩታል። በዚህ ዓይነት የሥራው ፊት ሁልጊዜ ወደ ሠሪዋ ስለሚሆን ባለ ሁለትና ባለ ሦስት ቀለም ሐረግ ሲያወጡ ከጀርባ በኩል መገመት የለባቸውም፤ ሥራውም ይፈጥናል። ፊት ለፊቱ በሚከፈትበትና እጅጌው በሚገባበት ቦታ ላይ ጥቂት ትርፍ ቀለበቶችን እንደ ድልድይ ይጨምራሉ። ቱቦው ሲያልቅ ድልድዩን መካከል ለመካከል በመቀስ ይሰነጥቁታል። በሼትላንድ ይህ ድልድይ «ስቲክ» ይባላል። አይስላንዶችም በትከሻቸው ዙሪያ ሐረግ ያለበትን የታወቀ ሹራባቸውን ባለ ቁልፍ ሲፈልጉት እንዲሁ አድርገው ይከፍቱታል። ፌር አይል የተባለችው የሼትላንድ ትንሽ ደሴት ሥራዋ በዓለም የታወቀው በ1920ዎቹ እ.ኤ.አ.፣ በኋላ ኤድዋርድ 8ኛ የተባለው የእንግሊዝ አልጋ ወራሽ ለብሶት ከታየ ወዲህ ነው።

እንግሊዝ ተወልዳ አሜሪካ የኖረችው የሹራብ መምህር ኤልሳቤጥ ዚመርማን በ1971 እ.ኤ.አ. ባሳተመችው መጽሐፍ ይህንኑ ዘዴ ለብዙ ሴቶች አስተምራለች። ሹራባችሁን ከቆረጣችሁ በኋላ ጨለማ ክፍል ገብታችሁ ጥቂት ጋደም በሉ ብላ መምከሯም ይነገራል። እኛ ቡና አፍልተናል።

ወደ ክሩ እንመለስ። የበግ ጠጉር በዓይን የማይታይ ቅርፊት አለው። በሙቀት፣ በርጥበትና በመታሸት እርስ በርሱ ይያያዛል፤ ስለዚህ ሲቆረጥ ጫፉ በቀላሉ አይሾልክም። የሰሜኖቹ ሴቶች ድፍረት ከዚህ የመጣ ነው። እኛ በጣና ዳር የምንኖር በዚህ ረገድ ልምዳችን አጭር ነው። በአካባቢያችን በብዛት የሚታየው የዋሸራ በግ ጠጉሩ አጭር ስለሆነ አይፈተልም። የሚፈተል ሱፍ የሚገኘው ወጣ ብሎ በደጋው ነው፤ በተለይም መንዝ በዚህ የታወቀ ነው። ከተማችን በ1961 እ.ኤ.አ. ከተቋቋመው የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ጋር አብራ ያደገች የጥጥ ከተማ ናት። ጥጥ ደግሞ ልስልስ ነው፤ ከሱፍ ይልቅ ይሾልካል። በየሱቁ የሚሸጠው ባለ ብዙ ቀለም የሹራብ ክር አብዛኛው ሰው ሠራሽ ሲሆን እርሱ ከሁሉም የባሰ ነው፤ ቀይ ሹራቤ ምስክር ነው።

ልጅቱ እናቷ ክሩን ከየት እንደገዙት አታውቅም። ስለዚህ ከውስጥ በኩል ከተንጠለጠለው ጫፍ ትንሽ ቆርጠን በብረት ሳህን ላይ በክብሪት ለኮስነው። እንዲህ ያለውን ሙከራ ሕፃናትና መጋረጃ በሌሉበት ማድረግ ይገባል። ክሩ የሚቃጠል ጠጉር ከሸተተና አመዱ በጣት ሲነካ ከፈረሰ ሱፍ ነው። የሚቃጠል ወረቀት ከሸተተ ጥጥ ነው። ቀልጦ እንደ ዶቃ ከደረቀ ሰው ሠራሽ ነው። የእኛው ጠጉር ሸተተ። ልጅቱ ያን ጊዜ ነው ወንበሩን የሳበችው።

አሠራሩ እንደሚከተለው ነው። ሹራቡ በለብታ ውኃ ታጥቦ፣ ሳይሰቀል በጠፍጣፋ ቦታ ላይ ተዘርግቶ ይድረቅ፤ ካልታጠበ ትክክለኛ መጠኑ አይታወቅም። ከዚያ መካከሉ ከአንገት እስከ ታች ይፈለጋል። በሁለት የቀለበት ሰልፎች መካከል፣ አንዱንም ሳይዘሉ፣ በደማቅ ክር ይወስወስ። ይህ የመቀሱ መንገድ ነው። እዚህ ላይ መቸኮል አያስፈልግም፤ እኛ ሁለት ጊዜ አፍርሰን ሦስተኛውን ነው የተቀበልነው፤ ምክንያቱም ከደረት በላይ አንድ ሰልፍ ስተን ኖሯል።

ቀጥሎ ማሰር ነው። ከመካከለኛው መስመር አንድ ቀለበት ያህል በግራ፣ አንድ ቀለበት ያህል በቀኝ፣ በስፌት መኪና በደቃቅ ስፌት ከላይ እስከ ታች ሁለት ሁለት ጊዜ ይሰፋል። ሹራቡን መጎተት አይገባም፤ መኪናው በራሱ ፍጥነት ይውሰደው። ከሥሩ ስስ ወረቀት ቢደረግ አይለጠጥም፤ ወረቀቱ በኋላ ተቀዶ ይወጣል። ወረቀቱ ግን ይህ ጋዜጣ አይሁን፤ ቀለሙ ይለቅባችኋል። መኪና የሌላት እናት በእጅ፣ መርፌውን ወደ ኋላ እየመለሰች በደቃቁ ብትሰፋ ይበቃል። በኪሮሽ የሚያስሩም አሉ፤ ለሱፍ ጥሩ ነው፤ ለሰው ሠራሽ ክር ግን አላምነውም። ሰው ሠራሽ ሹራብ መክፈት ግድ ከሆነ በመኪና ሦስት ጊዜ መስፋትና ጠርዙን በጨርቅ መሸፈን ነው፤ ብዙ የሚለበስ ከሆነ ግን ተዉት እላለሁ። ከቦንዳ የተገዛ ስስ የፋብሪካ ሹራብ ደግሞ የተለየ ነገር ነው፤ ኦቨርሎክ ያለው ልብስ ሰፊ ይሠራዋል።

ለመቁረጥ ትንሽና ስለታም መቀስ፣ የቀን ብርሃንም ያስፈልጋል። ሹራቡ ውስጥ ካርቶን ይግባ፤ አለዚያ ከፊቱ ጋር ጀርባው ይቆረጣል። ይህን የምለው ያለ ምክንያት አይደለም፤ ካርቶኑን ያስታወስኩት መቀሱ ከተነሣ በኋላ ነበር።

እሑድ ከቀትር በኋላ ቡናው ሁለተኛ ሲቀዳ ቆረጥን። አክስቷም መጥተው ነበር። ሕፃኑን ታቅፈው፣ ፊታቸውን ወደ በሩ አዙረው ተቀመጡ። ልጅቱ እንድቆርጥላት መቀሱን ብትሰጠኝም መልሼ ሰጠኋት። የመጀመሪያዎቹን አምስት ስድስት ክሮች ስትቆርጥ እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ደረቱ ላይ ስትደርስ ግን ረጋች። የሱፍ ክር ሲቆረጥ ድምፁ ትንሽ ነው። ሲያልቅ ጠርዙን ያዝ አድርጋ አየችው፤ አንድም ክር አልሾለከም።

«እስቲ ወዲህ በይው» አሉ አክስቷ። የተከፈተውን ጠርዝ በጣታቸው ከላይ እስከ ታች ዳሰሱት፤ ከውስጥ ገለበጡና የመኪናውን ስፌት አዩ። ከዚያ ሕፃኑን መለሱላትና ሦስተኛውን ጠየቁ።

ከዚህ በኋላ ያለው ቀላል ቢሆንም ጊዜ ይፈልጋል። ከጠርዙ ጎን በሹራብ መርፌ አዲስ ቀለበቶች እየተነሡ የቁልፉ ዳር ይሠራል። ከየአራቱ መስመር ሦስት ቀለበት ማንሣት ይበቃል፤ ከየመስመሩ ከተነሣ ዳሩ ይንዘረፈፋል፤ ካነሰም ይሰበሰባል። ተመሳሳይ ክር ስላልተገኘ እኛ ጥቁር ቡናማ ሱፍ ተጠቀምን። ሁለቱ ዳሮች ሲደራረቡ ሦስት ጣት ያህል ስፋት አላቸው። ቀድሞ የሰውነቱ ስፋት ልክ ቢሆን ኖሮ ይህ ዳር ሹራቡን ያሰፋው ነበር፤ እርሷ ግን ከወለደች ወዲህ ስለሞላች ጠቅሟታል። ቁልፉ በግራ፣ ቀዳዳው በቀኝ ሆነ። የተቆረጠው ጫፍ ከውስጥ ታጥፎ፣ ሪባን ከላዩ ተደርጎ በእጅ ተሰፋ። ሪባኑ አስቀድሞ መታጠብ አለበት፤ አለዚያ በኋላ ሲሸበሸብ ሹራቡንም ይዞ ይሸበሸባል። ከዚያ ወዲያ ሹራቡ ሲታጠብ አይታሽም፣ አይጠመዘዝም፤ በፎጣ ተጠቅልሎ ውኃው ይጨመቃል።

ስድስት ቁልፍ ነው ያደረግንበት። በማግስቱ ሳምንት፣ ገና ጧት፣ ባጃጅ ስትጠብቅ በመንገዱ ማዶ አየኋት። ከታች ሦስቱን ቆልፋ፣ ከላይ ሦስቱን ፈትታ፣ ሕፃኑን ከሹራቡ ውስጥ ሸጉጣ ታጠባለች፤ የሚታየው ኮፍያው ብቻ ነበር። ከላይ ሁለተኛው ቁልፍ ግን ከቦታው ትንሽ ከፍ ብሎ ስለተሰፋ ሲቆለፍ ይጎትታል። እርሱን እሑድ ታመጣልኛለች።