ጋሊስ ወንበሩ ላይ ቢቀመጥ ምን ነበረበት?

ባለፈው ሳምንት ከስፖርት ክፍለ ጊዜ በኋላ መኝታ ቤት ውስጥ የተነሣው ክርክር እስካሁን አልበረደም። ነገሩ ስለ ግሪካዊው የቅርጫት ኳስ ጋርድ ስለ ኒኮስ ጋሊስ ነው። አንዳንድ ጓደኞቻችን «ጀግና ነው፤ ምን ቢያደርግ ያምርበታል» ይላሉ። እኛ ግን ጀግንነቱን ተቀብለን፣ አንዲቱን ቀን አንቀበላትም።

ሰውየውን ለማያውቁት ባጭሩ እንንገር። እ.ኤ.አ. በ1957 ኒው ጀርዚ ውስጥ ከግሪክ ስደተኞች ተወለደ። በ1979 የአሜሪካው ቦስተን ሴልቲክስ ከመረጠው በኋላ በዝግጅት ላይ ቁርጭምጭሚቱን ተጎዳና አሰናበቱት። እሱም ወደ ወላጆቹ አገር ተሻግሮ በተሰሎንቄ ለአሪስ ክለብ ተሰለፈ። ቁመቱ 1 ሜትር ከ83 ብቻ ነው (እዚህ ኢንስቲቲዩት ውስጥ እንኳ የሚበልጡት አሉ)። ቢሆንም ከአሪስ ጋር 8 ጊዜ የግሪክ ሻምፒዮን ሆነ።

በ1987 የአውሮፓ ዋንጫ ፍጻሜ ደግሞ ግሪክ ሶቪየት ኅብረትን በተጨማሪ ሰዓት 103 ለ101 አሸነፈች። ጋሊስ ብቻውን 40 ነጥብ አገባ። ከዚያ ወዲህ በግሪክ ሰፈር ሁሉ ቅርጫት ተሰቀለ ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ታዲያ ልብ በሉ! ውጤቱ 101 እኩል ሆኖ 4 ሰከንድ ሲቀር፣ ሁለቱን የነጻ ውርወራ ያገባው ጋሊስ አይደለም። አርጊሪስ ካምቡሪስ ነው፤ ከተጠባባቂ ወንበር ተነሥቶ የሚገባ ተጫዋች!

የእኛ ቅሬታ ከዚህ ይነሣል። በጥቅምት 1994 ጋሊስ 37 ዓመቱ ነበር፤ ክለቡም ፓናቲናይኮስ። ከአምቤሎኪፒ ጋር በነበረው ግጥሚያ አሠልጣኙ ከመጀመሪያዎቹ አምስት አስቀረው። አሠልጣኙ ማን መሰላችሁ? በ1987 ብሔራዊውን ቡድን የመራው ያው ኮስታስ ፖሊቲስ ነው። ጋሊስ አዳራሹን ጥሎ ወጣ፤ ዳግመኛም አልተጫወተም።

እርግጥ፣ አገርን ያን ያህል ዓመት የተሸከመን ሰው እንደ ጀማሪ ማስቀመጥ ያማል። በእሱ ቦታ ብንሆን እኛም ፊታችን ይጠቁር ነበር። ነገር ግን ነገ ክፍል ስንገባ እጁን ሁልጊዜ የሚያወጣውን ጎበዝ «አንተ ቆይ፣ ዛሬ ሌላው ይመልስ» ማለታችን ይቀራል? ልጁ ደብተሩን ሰብስቦ ቢወጣ «አበጀህ» እንለዋለን?

የተሰሎንቄው አዳራሽ በ2013 በስሙ ተጠርቷል። በ2017 አሜሪካኖቹም በዝነኞች መዝገባቸው አስገብተውታል። ሁሉም ይገባዋል። እኛ ግን ከአምቤሎኪፒ ጋር በነበረው ጨዋታ፣ በአሥረኛው ደቂቃ ቱታውን አውልቆ ሲገባ ብናይ እንዴት ደስ ባለን!