ያንን ሠንጠረዥ ቅደዱልኝ

በተማሪዎቻችን የባዮሎጂ ደብተር ውስጥ አንድ ሠንጠረዥ አለ። ለዓመታት ጠላሁት፤ ዘንድሮ ግን ትዕግሥቴ አለቀ። ሦስት መስመር ናት። መልእክተኛ አር ኤን ኤ፦ መልእክት ከዲ ኤን ኤ ይወስዳል። አጓጓዥ አር ኤን ኤ፦ አሚኖ አሲድ ያመጣል። የራይቦዞም አር ኤን ኤ፦ የራይቦዞም አካል ነው። ልጁ ይሸመድዳታል፣ ፈተና ላይ ክቧን ያጠቁራል፣ በሳምንቱ ይረሳታል።

ሦስተኛዋን መስመር ደግማችሁ አንብቧት። «የራይቦዞም አካል ነው።» ይህ መልስ ነው? የተጠየቀው ምን እንደሚሠራ ነው፤ የተመለሰው የት እንደሚኖር። በሕዋስ ውስጥ ካለው አር ኤን ኤ 80 በመቶ ያህሉ ይኸው የራይቦዞሙ ነው። በሠንጠረዡ አናት ላይ የተቀመጠው መልእክተኛ ከጥቂት በመቶ አያልፍም። ሕዋስ ጉልበቱን እንዲህ አድርጎ የሚያፈስበት ነገር ሥራው «አካል መሆን» ብቻ ነው ብሎ የሚያስተምር መጽሐፍ፣ ይቅርታ አድርጉልኝና፣ ተማሪውን ንቆታል።

እውነቱ እንዲህ ነው። ፕሮቲን ማለት በሰንሰለት የተያያዙ አሚኖ አሲዶች ናቸው፤ ዓይነታቸው ሃያ ነው። አንዱን ከሌላው ጋር የሚያያይዘው፣ የኬሚካሉን ትስስር የሚቋጥረው ማን ነው? ሳይንቲስቶቹ ራሳቸው ለረጅም ጊዜ ፕሮቲን የሚሠራበት ቦታ በሆነው በራይቦዞም ውስጥ ካሉት ፕሮቲኖች አንዱ ይመስላቸው ነበር፤ ኢንዛይም የሆነ ሁሉ ፕሮቲን ነው የተባለበት ዘመን ነበርና። እ.ኤ.አ. በ1992 በካሊፎርኒያ ሳንታ ክሩዝ ሃሪ ኖለርና ባልደረቦቹ ፍል ውሃ ውስጥ ከሚኖር ባክቴሪያ የራይቦዞሙን ትልቅ ክፍል ወሰዱና ፕሮቲን በሚፈጭ ኢንዛይም፣ በሳሙናነት በሚያገለግል ኬሚካልና በፌኖል ደጋግመው አጠቡት። አብዛኛው ፕሮቲን ተገፎ ወጣ። የተረፈው አር ኤን ኤ ግን ምንም እንዳልተፈጠረ ትስስሩን መቋጠሩን ቀጠለ።

ተጠራጣሪ አልጠፋም። የቀሩት ጥቂት ፕሮቲኖች ቢሆኑስ? በ2000 መልሱ መጣ። በዬል ዩኒቨርሲቲ ቶማስ ስታይትዝና ፒተር ሙር፣ ከሙት ባሕር የተገኘ ደቂቅ ፍጥረት ራይቦዞም የአቶሞቹ አቀማመጥ ሳይቀር እስኪታይ ድረስ ምስሉን አወጡ። ትስስሩ በሚቋጠርበት ቦታ ላይ ፕሮቲን የለም። ቅርቡ የተባለው ፕሮቲን እንኳ 18 አንግስትሮም ያህል ርቆ ቆሟል። እዚያ መሐል ላይ ያለው አር ኤን ኤ ብቻ ነው። በራይቦዞም አወቃቀር ላይ ለተሠራው ሥራ ስታይትዝ፣ ቬንካትራማን ራማክሪሽናንና እስራኤላዊቷ አዳ ዮናት በ2009 የኬሚስትሪ ኖቤል ተሸለሙ።

እንግዲህ ጥግ ላይ የተወረወረው ሦስተኛው መስመር ሠራተኛው ራሱ ነው። ፕሮቲኖቹ ዙሪያውን ቆመው ቅርጹን ይደግፉለታል። ሠንጠረዡ ጌታውን ሎሌ፣ ሎሌውን ጌታ አድርጎ አስቀምጦታል። ይህ የታወቀው ደግሞ የዘንድሮ የ12ኛ ክፍል ተፈታኝ ሳይወለድ በፊት ነው።

የመጀመሪያዋም መስመር ብትሆን ከሰማይ አልወረደችም። በ1950ዎቹ መጨረሻ ብዙዎች እያንዳንዱ ራይቦዞም የራሱን መልእክት በሆዱ ይዞ የተፈጠረ፣ ለአንድ ፕሮቲን ብቻ የሚሠራ ይመስላቸው ነበር። በ1960 ሲድኒ ብሬነርና ፍራንሷ ዣኮብ ይህን ለመፈተን ካሊፎርኒያ ወደሚገኘው ማቲው ሜሰልሰን ዘንድ ሄዱ። ጥያቄያቸው ይህ ነበር፦ ቫይረስ የገባበት ባክቴሪያ የቫይረሱን ፕሮቲን ለመሥራት አዲስ ራይቦዞም ይሠራል ወይስ በነባሩ ላይ አዲስ መልእክት ይጭናል? ሙከራው እየከሸፈ አስቸገራቸው፤ ራይቦዞሞቹ እየተበታተኑባቸው። የመመለሻቸው ጊዜ ተቃርቦ ባሕር ዳርቻ ላይ አኩርፈው ተቀምጠው ሳለ ብሬነር ድንገት ብድግ አለ። ያነሰው ማግኒዥየም ነው! ለሙከራው የሚጠቀሙበት ሲዚየም ራይቦዞሙን አጽንቶ ከሚይዘው ማግኒዥየም ጋር ቦታ እየተሻማ ነበር። ማግኒዥየሙን አበዙት፤ ራይቦዞሞቹ ጸኑ። አዲሱ መልእክት በነባሩ ራይቦዞም ላይ ተቀምጦ ተገኘ። ራይቦዞም የመጣለትን መልእክት ሁሉ የሚያነብ ሆነ ማለት ነው። ጽሑፉ በ1961 በኔቸር መጽሔት ወጣ። ይህን ለመተረክ አምስት ደቂቃ ይበቃል። አምስት ደቂቃ!

ስለ ሁለተኛዋ መስመር ደግሞ ልናገር፤ እሷን ሳስብ ደሜ ይፈላል። «አሚኖ አሲድ ያመጣል።» ስታነቡት አጓጓዡ ጫኝና አውራጅ ይመስላል። ስህተት ነው። የመልእክቱ ሆሄያት ሦስት ሦስት እየሆኑ ይነበባሉ፤ 64 ጥምረት አለ፤ ሦስቱ «አቁም» ማለት ናቸው፤ የቀሩት 61 አሚኖ አሲድ ይጠራሉ። ራይቦዞሙ ግን የመጣው አሚኖ አሲድ ትክክለኛው መሆኑን መርምሮ አይደለም የሚሰካው። በ1962 ፍራንሷ ሻፕቪል፣ ፍሪትዝ ሊፕማንና ባልደረቦቻቸው ሲስቴይን የተሸከመ አጓጓዥ ወሰዱና ተሸክሞት ሳለ ሲስቴይኑን በኬሚካል ወደ አላኒን ቀየሩት። ራይቦዞሙ ምን አደረገ? በሲስቴይን ቦታ አላኒኑን ሰካው። ያመነው አጓጓዡን ነው። የሆሄው ትርጉም ያረፈው በአጓጓዡና ትክክለኛውን አሚኖ አሲድ በሚያስይዙት ኢንዛይሞች ላይ ነው ማለት ነው። ፍራንሲስ ክሪክ እንዲህ ያለ አገናኝ መኖር አለበት ብሎ በ1955 ሲገምት ማንም አላየውም ነበር፤ በቦስተን የነበሩት ማህሎን ሆግላንድና ፖል ዛሜክኒክ አግኝተው ሥራውን በ1958 አሳተሙ። ከዚህ ሁሉ ለልጆቻችን የደረሳቸው «ያመጣል» የምትል አንዲት ግስ ናት።

ለመሆኑ ሦስት ብቻ ናቸው ያለውስ ማን ነው? መልእክቱ ከኒውክለስ ሳይወጣ ትርፉን ቆርጠው በሚጥሉት መቁረጫዎች መሐል ያሉት ትንንሽ አር ኤን ኤዎች የት ገቡ? መልእክቱ እንዳይነበብ የሚያፍነው ማይክሮ አር ኤን ኤስ? ቪክተር አምብሮስና ጋሪ ሩቭከን በ1993 ያሳወቁት እሱ ነው፤ በ2024 ኖቤል ያገኙበት። ሠንጠረዡ ሳይሰማ ቀረ።

«ይሄ ሁሉ ለእኛ ምን ይረባናል?» የሚል አይጠፋም። ደግ። በአማራ ክልል ገጠር የትራኮማ ዘመቻ ሲደረግ ሄዳችሁ እዩ። ክልሉ በዓለም ላይ ትራኮማ እጅግ ከበረታባቸው ቦታዎች አንዱ ነው። ሰው ይሰለፋል፣ ቁመቱ በእንጨት ይለካል፣ በቁመቱ ልክ አዚትሮማይሲን ይሰጠዋል። ያ መድኃኒት የሚሄደው ወደ ሦስተኛዋ መስመር ነው! ወደ ባክቴሪያው የራይቦዞም አር ኤን ኤ። አዲሱ ፕሮቲን በሚወጣበት መተላለፊያ ገብቶ ይወሸቃል፣ ፕሮቲኑም መውጫ ያጣል። በባክቴሪያው አር ኤን ኤ ላይ 2058 ተብሎ በተቆጠረው ቦታ ያለችው ሆሄ ኤ ናት። በእኛ ራይቦዞም ላይ ከዚያው ጋር በሚገጥመው ቦታ ያለችው ጂ ናት። መድኃኒቱ ኤን አጥብቆ ይይዛል፣ ጂን ግን አይጨብጥም። አንዳንድ ባክቴሪያዎች ደግሞ በዚያችው ሆሄ ላይ ሜቲል የሚባል ትንሽ ነገር ለጥፈው መድኃኒቱን ያከሽፉታል። ጀርሙ መድኃኒቱን ተላመደ ሲባል አንዱ መንገድ ይኸው ነው። ያለ ሐኪም ትእዛዝ አንቲባዮቲክ ገዝቶ ሁለት ቀን ውጦ የቀረውን መሳቢያ ውስጥ ለሚያስቀምጥ ሰው ከዚህ የበለጠ ምን ትምህርት ይሰጠው?

የባሰም አለ። በሚቶኮንድሪያችን ውስጥ የራሱ ራይቦዞም አለ። የዚያን ራይቦዞም አር ኤን ኤ በሚወስነው፣ ከእናት በሚወረሰው ዲ ኤን ኤ ላይ 1555ኛዋ ኤ ወደ ጂ የተለወጠችበት ሰው ስትሬፕቶማይሲን ወይም ጄንታማይሲን ቢወጋ ጆሮው ሊደነቁር ይችላል። መድኃኒቱ ያ ራይቦዞም የባክቴሪያ ስለሚመስለው ይይዘዋል። «የራይቦዞም አካል ነው» አላችሁን? በአካሉ ላይ በአንዲት ሆሄ ሰው ይደነቁራል።

በኮሮና ጊዜ የሆነውንም አልረሳሁም። ከዋሽንግተንም ከቴል አቪቭም የዘመድ የድምፅ መልእክት ይጎርፍልኝ ነበር፦ በመልእክተኛ አር ኤን ኤ የተሠራው ክትባት ዘራችሁን ይቀይራል። ያስተላለፉት መሃይማን ቢሆኑ ባልተናደድኩ። ባለ ዲግሪዎች ነበሩ፤ ሠንጠረዡን ሸምድደው ኤ ያመጡ። መልእክተኛ አር ኤን ኤ የሚነበበው ራይቦዞሙ ባለበት፣ ከኒውክለስ ውጭ መሆኑን፣ ሕዋሱም ብዙ ሳይቆይ ቆራርጦ እንደሚጥለው ቢረዱት ኖሮ «ታዲያ ኒውክለስ ውስጥ ያለውን ዲ ኤን ኤ እንዴት ይነካዋል?» የምትል አንዲት ጥያቄ ትበቃቸው ነበር። ካታሊን ካሪኮና ድሩ ዋይስማን ይህን ክትባት ያስቻለውን መንገድ ያገኙትም እኮ አር ኤን ኤዎቹን አነጻጽረው ነው። መልእክተኛው ወደ ሕዋስ ሲገባ ቁጣ ያስነሳል፤ አጓጓዡ ግን አያስነሳም። ለምን? በአጓጓዡ ላይ ሆሄያቱ በብዛት ተሻሽለው ስለሚገኙ። በ2005 ያሳተሙት ይህንኑ ነው፤ በ2023 ኖቤሉ መጣ። በመስመሮቹ መካከል ያለው ልዩነት ነው ክትባቱን የወለደው። እኛ ልዩነቱን የምንፈልገው ከአራት ምርጫ አንዱን ለማክበብ ነው።

መምህሩን አልወቅስም። በታጨቀ ክፍል፣ ያለ ቤተ ሙከራ፣ በማይበቃ ደመወዝ የሚያስተምር ሰው መጽሐፉ የሰጠውን ይሰጣል። የምወቅሰው መጽሐፉን ያዘጋጀውንና ፈተናውን የሚያወጣውን ነው። ሽምደዳ ባህላችን ነው የሚሉኝ አሉ። ውሸት ነው። በአብነት ትምህርት ቤት ዳዊትን በቃሉ የያዘ ልጅ ከዚያ ወደ ዜማ፣ ወደ ቅኔ፣ ወደ ትርጓሜ ይሻገር ነበር፤ ምስጢሩን ካልፈታ ሊቅ አይባልም። ዘመናዊ ያልነው ትምህርት ንባቡን ወስዶ ትርጓሜውን ጣለው። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ናቸው ሲባል አገሩ ተንጫጫ። ስለ ኩረጃ ተወራ፣ ስለ ትምህርት ጥራት ተሰበሰቡ። ጥያቄዎቹ ራሳቸው ምን ዓይነት አእምሮ እንደሚፈልጉ ግን ሲነሳ አልሰማሁም። የእህቴ ልጅ የአዚትሮማይሲኑን ነገር ስነግረው ዓይኑ በራና ወዲያው ደብተሩን ከደነ። «ጋሼ፣ ይሄ እኮ ፈተና ላይ አይመጣም።»

ይምጣ! እኔ ያወጣሁት እንደሆነ እንዲህ ብዬ ነው የማወጣው፦ አዚትሮማይሲን የትራኮማን ባክቴሪያ አስቁሞ፣ የዋጠውን ሰው ግን ሳይጎዳ የሚያልፈው ለምንድን ነው? በራስህ ቃል አስረዳ። ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ የለውም፤ «ሁሉም መልስ ነው» የሚባልም የለም።