ፖሊስ ዕዳ ሰብሳቢ አይደለም



በጥንቱ ዳኝነት ዕዳ ያልከፈለ ሰው ከባለገንዘቡ ጋር በሰንሰለት ይቆራኝ ነበር። ቁራኛ ቀረ፤ ነገር ግን ባለዕዳን አስሮ ማስከፈል ከአስተሳሰባችን አልወጣም። በቁራኛ ዘመን አበዳሪውም አብሮ ይታሰር ነበር። ዛሬ ባለዕዳው በፖሊስ ጣቢያ ሲያድር አበዳሪው ቤቱ ይተኛል።

ኪራይ የዘገየበት ተከራይ፣ ዕቁብ በልቶ መክፈል ያቃተው ነጋዴ፣ መረብ በዱቤ ወስዶ ዓሣ የጠፋበት አጥማጅ፣ የጀልባ ሽርክናው የፈረሰበት ሰው፤ የእነዚህ ሁሉ ጉዳይ በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የሚዳኝ ነው። ዳኛውም ፍርድ ቤት እንጂ የጣቢያ አዛዥ አይደለም።

ሕጉ ግልጽ ነው። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 17 መሠረት ማንም ሰው ከሕግ ሥርዓት ውጭ አይታሰርም። አገራችን በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን አንቀጽ 11 ደግሞ የውል ግዴታውን መፈጸም ስላልቻለ ብቻ ሰው እንዳይታሰር ይከለክላል። ሕገ ወጥ እስር በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 423 ራሱ ወንጀል ነው። ጣቢያ ተይዞ፣ በፍርሃት የተፈረመ የ«ስምምነት» ወረቀትም በፍርድ ቤት ሊፈርስ የሚችል ውል ነው። ሽምግልናን እናከብራለን፤ ሽምግልና ግን በእስር ቤት ደጃፍ አይደረግም።

ፖሊስ ይራቅ አላልንም። ስንቅ የሌለው ቼክ ሲሰጥ፣ ሰው ሲታለል፣ ድብደባና ዛቻ ሲፈጸም ፖሊስ መግባት አለበት። ፍርድ ቤት ሲያዝ ፍርድ ያስፈጽማል። ያለ ትእዛዝ ግን የተከራይን ዕቃ ከቤት ማስወጣት ሥራው አይደለም።

የአበዳሪውንም ብሶት እንሰማለን። ሰው ወደ ጣቢያ የሚሮጠው ፍርድ ቤት በቀጠሮ ስለሚያደክመው ነው። የፍርድ ቤቱን በር ሳይከፍቱ የጣቢያውን በር ብቻ መዝጋት ፍትሕ አይሆንም። ስለዚህ ድርጅታችን ከተመረጠ የሚከተሉትን ያስፈጽማል፦

1. የውልና የዕዳ አቤቱታ የቀረበለት ጣቢያ ጉዳዩን መዝግቦ፣ ወደ ፍርድ ቤት የሚመራ ጽሑፍ ለአመልካቹ ይሰጣል፤ ተከሳሹን አያስርም።

2. ለአነስተኛ ዕዳና ለኪራይ ክርክር በአጭር ቀጠሮ የሚወስኑ ችሎቶች በየከተማው ይቋቋማሉ።

3. ዐቃቤ ሕግ ጣቢያዎችን በየጊዜው እየጎበኘ፣ በዕዳ ምክንያት ብቻ የተያዘ ሰው ቢያገኝ ያስፈታል፤ ያሰረውንም በሕግ ይጠይቃል።

ዛሬ አበዳሪ የሆነ ነገ ባለዕዳ ይሆናል። ዘመድና ገንዘብ ያለው ፖሊስ የሚያዝበት ከተማ ለማንም አይበጅም። ድምፃችሁን ስትሰጡ ይህን አስቡ።